ሞስባከር ከምንም አልተነሳም

ባለፈው ሳምንት አንድ የድሮ የታክሲ ባልደረባዬ ስለ ሮበርት ሞስባከር የተጻፈ ጽሑፍ ላከልኝ። «ይሄን ሰውዬ ታስታውሰዋለህ?» የምትል አንዲት ጥያቄ አብራ አለች። እንዴት እረሳዋለሁ! ዋሽንግተን ውስጥ ታክሲ በምነዳበት ዘመን መሥሪያ ቤቱ ደጃፍ ላይ ስንቱን ሰው አውርጃለሁ።

ለማያውቁት ባጭሩ ላስተዋውቅ። ሞስባከር አሜሪካዊ ነው። በሸራ ጀልባ ውድድር ሁለት ጊዜ የዓለም ሻምፒዮን ሆኗል። ሂውስተን ላይ በነዳጅና በተፈጥሮ ጋዝ ከብሯል። ከ1989 እስከ 1992 መግቢያ ድረስ ደግሞ በአባትየው ቡሽ ካቢኔ የንግድ ሚኒስትር ነበር። በ2010 በ82 ዓመቱ አረፈ። ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር የምጽፈው ታሪኩ የፈረንጅ ስለሆነ ነው።

ጽሑፉ የስኬት ታሪክ እየተባሉ ከሚዞሩት ዓይነት ነው። ሰውዬው ከምንም ይነሳል። የሸራ ጀልባ ውድድር ትልቁን ዋንጫ፣ አሜሪካስ ካፕን፣ ሁለቴ ይወስዳል፣ ኦሎምፒክም ያሸንፋል። ነፋስ ማንበብ ስለለመደ ነዳጁ የት እንዳለ ያውቃል። ሕዝብ ይመርጠዋል። ናፍታ የሚባለውን የንግድ ስምምነት ይፈጥራል። የሕዝብ ቆጠራውን ከፖለቲከኞች እጅ ያድናል። ከዚያ በጸጥታ ጡረታ ይወጣል። አንድም ቀን ሳይሸነፍ።

ጸሐፊውን አላውቃቸውም። በክፋት የጻፉት አይመስለኝም። እኔም ሰውዬውን ለማጣጣል አልተነሳሁም፤ እንዲያውም ባንድ ነገር ከሳቸው የበለጠ ሳላደንቀው አልቀርም። ግን ግማሹ ስህተት ነው። ስህተት ያልሆነው ደግሞ ትልቁን ጉዳይ በአንድ ዓረፍተ ነገር ዘሎት ያልፋል። ዝም ልል ነበር፣ ያቺ ዓረፍተ ነገር ግን እንቅልፍ ነሳችኝ። እናም በተራ ልመልስ።

ከምንም መነሳቱ

የት ነው ያ ምንም? ሮበርት የተወለደው በ1927 በኒውዮርክ ግዛት፣ ማውንት ቨርነን በምትባል ከተማ ነው። አባቱ ኤሚል ሞስባከር የአክሲዮን ነጋዴ ነበር። ያኔ ከትልቁ የዎል ስትሪት ገበያ ሌላ «ከርብ» የሚባል ገበያ ነበር። ከርብ ማለት የእግረኛ መንገድ ጠርዝ ነው። ስሙ የመጣው ነጋዴዎቹ እስከ 1921 ድረስ ከሕንጻ ውጪ፣ መንገድ ዳር ቆመው እየተጯጯኹ ይሻሻጡ ስለነበር ነው። መርካቶን ያየ ሰው መገመት አያቅተውም። ኤሚል እዚያ ሀብት አፈራ። ዋናው ብልሃቱ ግን ሌላ ነው። በ1929 ገበያው ከመንኮታኮቱ በፊት ሸጦ ወጣ።

ስለዚህ ሌላው አሜሪካዊ ሾርባ ለመቀበል ሲሰለፍ የሞስባከር ልጆች ሎንግ አይላንድ ሳውንድ በሚባለው የባሕር ወሽመጥ ላይ ሸራ መዘርጋት ይማሩ ነበር። ያለው ማማሩ ይባል የለ። ሮበርት በ1947 ከዋሽንግተን ኤንድ ሊ ዩኒቨርሲቲ ተመረቀ፤ በዓመቱ ወደ ሂውስተን ሄደ። እዚያም ቢሆን ከጀርባው አባቱ ነበር።

ሀብታም ቤት መወለድ ነውር አይደለም። ጸሐፊው ግን ታሪኩን የሚያቀርቡት «ወጣቶች ተማሩበት» ብለው ነው። አዲስ አበባ ላይ ኮብልስቶን የሚጠርብ ልጅ ይህን አንብቦ «እኔስ ምን ጎደለኝ?» ቢል አይፈረድበትም። የጎደለውን ልንገረው፦ ከ1929 በፊት ሸጦ የወጣ አባት።

አሜሪካስ ካፕ

መጀመሪያ አንዲት የቃል ነገር። ጽሑፉ ከላይ እስከ ታች «ቀዛፊው ሞስባከር» ይላል። ቀዛፊ መቅዘፊያ የያዘ ሰው ነው። ሞስባከር መቅዘፊያ አልያዘም። የሱ ስፖርት መቅዘፊያም ሞተርም የለውም። ነፋሱን በሸራ ይዘህ፣ በመሪው አቅጣጫ እያስያዝክ ነው የምትሄደው። እኔ ጣና ዳር ነው ያደግሁት። ታንኳ የሚገፋና ሸራ የሚወጥር ሰው አንድ እንዳልሆኑ የባሕር ዳር ሕፃን ያውቃል።

አሁን ወደ ትልቁ ስህተት። ሮበርት ሞስባከር አሜሪካስ ካፕን አላሸነፈም። አንድ ጊዜም አላሸነፈም። ያሸነፈው ታላቅ ወንድሙ ነው።

ወንድምየው በአባቱ ስም ኤሚል ይባላል፤ ሰው የሚያውቀው ግን «ባስ» በሚል ቅጽል ስሙ ነው። በ1962 ኒውፖርት ላይ ዌዘርሊ የተባለችውን ጀልባ መርቶ የአውስትራሊያን ግሬቴል 4 ለ 1 አሸነፈ። ብዙ ሰው ግሬቴል ትፈጥናለች ይል ነበር። ባስ ያሸነፈው በብልጠት ነው። በ1967 ደግሞ ኢንትሬፒድ በምትባለው ጀልባ ዴም ፓቲን 4 ለ 0 ሸኛት። የዚያን ዘመን ጋዜጣ የሚያገላብጥ ሰው «ሞስባከር» የሚል ስም በየገጹ ያገኛል። ጸሐፊው የተሳሳቱት እዚህ ላይ ይመስለኛል፤ የአባት ስም ብቻ አይተው ቸኮሉ።

ባስ ለእኛም የሚሆን ታሪክ አለው። ኒክሰን በ1969 ሥልጣን ሲይዝ የፕሮቶኮል ሹም አደረገው። በዚያው ዓመት በጁላይ መጀመሪያ ጃንሆይ ለመንግሥታዊ ጉብኝት ዋሽንግተን ገቡ። የውጭ መሪ ሲመጣ አቀባበሉን የሚያሰናዳው የፕሮቶኮሉ ቢሮ ነው። የቢሮው አለቃ ደግሞ የአሜሪካስ ካፕ ሻምፒዮን ነበር። ጸሐፊው ይህን ቢያውቁ ኖሮ ይህንንም ለሮበርት ይሰጡት ነበር ብዬ እጠረጥራለሁ።

ታዲያ ሮበርት ምን አሸነፈ?

ከጸሐፊው የበለጠ አደንቀዋለሁ ያልኩት እዚህ ላይ ነው። የወንድሙን ዋንጫ ሲያሸክሙት የራሱን ረሱት።

በ1958 የሰሜን አሜሪካ የወንዶች ሻምፒዮና የሆነውን የማሎሪ ዋንጫ ወሰደ። በ1969 ስፔን ውስጥ ፓልማ ደ ማዮርካ ላይ ድራገን በሚባለው የጀልባ ዓይነት የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። በ1971 ኒውዮርክ አጠገብ ኦይስተር ቤይ ላይ ሶሊንግ በሚባለው ደገመው። በሁለት ዓይነት ጀልባ፣ በሁለት ዓመት ልዩነት።

ይህ ለምን ትልቅ ነገር እንደሆነ ላስረዳ። አሜሪካስ ካፕ የገንዘብ ውድድርም ነው። ያኔ የሚወዳደሩበት ጀልባ «12 ሜትር» ይባላል፤ ስሙ ነው እንጂ ርዝመቱ ወደ 20 ሜትር ይጠጋል። ሀብታሞች ማኅበር ፈጥረው ያሠሩታል። የተሻለ መሐንዲስ የቀጠረ ውድድሩ ሳይጀመር አንድ እርምጃ ይቀድማል። ድራገንና ሶሊንግ ግን ሌላ ዓለም ናቸው። ሕጉ ጀልባዎቹ ሁሉ አንድ ዓይነት እንዲሆኑ ያስገድዳል። ሶሊንግ 8 ሜትር ከጥቂት ነው፤ ሦስት ሰው ይይዛል። ሚሊየነር ብትሆንም የምትወዳደርበት ጀልባ ከጎንህ ካለው አስተማሪ ወይም ሸራ ሰፊ ጀልባ ጋር እኩያ ነው። ሁሉም እኩል ፈረስ ላይ የተቀመጠበት ጉግስ በሉት። የሚለየው አነሳስህ ነው፤ የነፋሱን መዞር ከሌላው ቀድመህ ማየትህ ነው፤ ከሁለቱ ባልደረቦችህ ጋር ያለ ንግግር መግባባትህ ነው።

እርግጥ ለልምምድ የሚሆን ትርፍ ጊዜም በገንዘብ ይገኛል። ቢሆንም በዚህ ሰውዬ ሕይወት የአባቱ ገንዘብ ሊገዛው ያልቻለው ነገር ካለ እነዚህ ሁለት ሻምፒዮናዎች ናቸው።

ኦሎምፒኩስ? የለም። ጨርሶ አልሄደም። ነገሩ ደግሞ ያስቆጫል። በ1968 አካፑልኮ ላይ አሜሪካ በድራገን ወርቅ ስታገኝ መሪው የኒው ኦርሊንሱ ጆርጅ ፍሪድሪክስ ነበር። ሞስባከር በድራገን የዓለም ሻምፒዮን የሆነው በዓመቱ ነው። በ1971 በሶሊንግ የዓለም ሻምፒዮን ሆነ፤ በ1972 ኪል ላይ ለአሜሪካ የሶሊንግ ወርቅ ያመጣው ግን የዊስኮንሲኑ ባዲ ሜልጀስ ነው። ከአንድ አገር በአንድ ዓይነት አንድ ጀልባ ብቻ ነው የሚገባው። አንዴ ኦሎምፒክ ካለፈ በኋላ፣ አንዴ ኦሎምፒክ ከመድረሱ በፊት ሻምፒዮን የሆነ ሰው ነው እንግዲህ። እኛ ኢትዮጵያውያን ይህን ለመረዳት ማብራሪያ አያስፈልገንም። ዓለምን አሸንፎ የራሳችን ቡድን ውስጥ ቦታ ያጣ ስንት ሯጭ እናውቃለን። «አንድም ቀን አልተሸነፈም» የሚለው ይህን ሁሉ ይሰርዘዋል።

ሌላም አለ። በሁለቱ ሻምፒዮናዎች መሀል፣ በ1970፣ የመጀመሪያ ሚስቱ በደም ካንሰር ሞታለች። ጽሑፉ ይህን አያነሳም። የ1971ዱን ድል ሳስብ እኔን የሚነካኝ እሱ ነው።

(ዊስኮንሲን የምትባለውን ግዛት ያዙልኝ። ኋላ ትመጣለች።)

ነዳጁ

ነፋስ የሚያነብ ሰው ነዳጅም ያነባል ይላሉ። ነዳጅ በነፋስ አይገኝም፤ በጉድጓድ ነው። አብዛኛው ጉድጓድ ደግሞ ደረቅ ይሆናል፤ ገንዘብህን ቆፍረህ ቀብረህ ትመለሳለህ። ሞስባከር ቴክሳስ የገባው በ1948 ነው። ትልቁን የተፈጥሮ ጋዝ ደቡብ ቴክሳስ ላይ ያገኘው በ1954 ነው። ስድስት ዓመት! ይህ ትዕግሥት ነው፣ አልክድም። ግን ስድስት ዓመት መታገሥም ስንቅ ይፈልጋል።

ሕዝብ መረጠው

የቱ ሕዝብ? የሮበርት ሞስባከር ስም የሕዝብ ምርጫ ወረቀት ላይ ወጥቶ አያውቅም። ምርጫ የገባው በስሙ የሚጠራው ልጁ ነው። በ1990 ለቴክሳስ ምክትል አገረ ገዥነት ተወዳድሮ በቦብ ቡሎክ ተሸነፈ። በ1997 ለሂውስተን ከንቲባነት ተወዳድሮ የከተማዋ የመጀመሪያው ጥቁር ከንቲባ በሆነው በሊ ብራውን ተሸነፈ። እንግዲህ ጸሐፊያችን ከወንድምየው ዋንጫ ወስደው፣ ከልጅየው ምርጫ ወስደው፣ ለአንድ ሰው ቆለሉለት።

አባትየው ፖለቲካ የገባው በሌላ በር ነው። ገንዘብ ሰብሳቢ ነበር። በ1976 ለፕሬዚዳንት ፎርድ ሰበሰበ። በ1980 ቡሽ ለመጀመሪያ ጊዜ ለፕሬዚዳንትነት ሲሮጥ ሰበሰበለት። ቡሽም የሂውስተን ነዳጅ ነጋዴ ነበር፤ የቆየ ወዳጅነት ነው። የ1988ቱ ግን ከሁሉም ይለያል። ሕጉ አንድ ሰው ለአንድ ተወዳዳሪ በአንድ ምርጫ ከ1,000 ዶላር በላይ እንዳይሰጥ ይከለክል ነበር። ለፓርቲው በሌላ መንገድ መስጠት ግን ክፍት ነበር። በዚያ ቀዳዳ «ቲም 100» የሚባል ቡድን ተቋቋመ። መግቢያው 100,000 ዶላር። እያንዳንዳቸው ይህን የሰጡ 249 ሰዎች ተገኙ። ወደ 25 ሚሊዮን ዶላር ማለት ነው።

ሚዛን እንዳይዛባ፣ በዲሞክራቶቹ በኩልም ለቡሽ ተፎካካሪ ለዱካኪስ እንዲሁ በመቶ ሺህ የሚሰበስቡ ነበሩ። አንደኛው ወገን ብቻ ኃጢአተኛ አልነበረም። ቡሽ አሸነፈ፤ ሞስባከርም የንግድ ሚኒስትር ሆኖ ተሾመ። ሴኔቱ አጸደቀው። ይህ ሹመት ነው እንጂ ምርጫ አይደለም። ልዩነቱን አጉልቼ የማነሳው ለነገር ፍለጋ አይደለም። ኋላ የሚመጣው ጉዳይ ላይ ይህ ልዩነት ሁሉም ነገር ነው።

ናፍታ

ናፍጣ አላልኩም፣ ናፍታ። አሜሪካ፣ ካናዳና ሜክሲኮ የተዋዋሉት የንግድ ስምምነት። ሞስባከር የሂውስተን ሰው እንደመሆኑ ከሜክሲኮ ጋር መነገድ ይጥመዋል፤ ሐሳቡን ገና ከጅምሩ ደግፏል። ይህ እውነት ነው። ድርድሩን የመራችው ግን የአሜሪካ የንግድ ተወካይዋ ካርላ ሂልስ ናት። ስምምነቱ ተደራድሮ ያለቀው በነሐሴ 1992 ነው፤ ሞስባከር ያኔ ከሚኒስትርነቱ ከወረደ ሰባት ወር ሆኖታል። ኮንግረስ ያጸደቀው ደግሞ በ1993፣ በክሊንተን ዘመን ነው። አንድ ሕንጻ ሲመረቅ መሠረት የጣለውን ማመስገን ደግ ነው፤ ብቻውን ሠራው ማለት ግን ሌላ።

ካቢኔው ውስጥም ቢሆን ያለው ሁሉ አይፈጸምለትም ነበር። በ1989 መንግሥት ለአዲሱ ባለ ከፍተኛ ጥራት ቴሌቪዥን ኢንዱስትሪ ድጋፍ ያድርግ ብሎ ተነሳ፤ ዋይት ሀውስ «ገበያው ራሱ ይወስን» ብሎ አስቆመው። ያ ክርክር ዛሬም አላለቀም።

በጸጥታ ጡረታ ወጣ

ይህን አስቀድሜ ልጨርሰው። በጃንዋሪ 1992 ሚኒስትርነቱን ለቆ የቡሽን የምርጫ ዘመቻ በሊቀመንበርነት ያዘ። ዘመቻው አልሠመረም። በነሐሴ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ጄምስ ቤከር መጥቶ መሪውን ተረከበ። በኖቬምበር ክሊንተን አሸነፈ። ወዲያው በፌብሩዋሪ 1993 ቤከርና ሞስባከር አንድ ላይ ለኤንሮን አማካሪ ሆኑ። ኤንሮን ያኔ ስመ ጥር የጋዝ ኩባንያ ነው፤ በ2001 ከነቅሌቱ ሲፈርስ የዓለም መነጋገሪያ የሆነው ገና ወደፊት ነው። በወቅቱ አማካሪ መሆኑ ወንጀል አይደለም። ጸጥታ ግን አይደለም።

ቆጠራውን አዳነ

እንቅልፍ የነሳችኝ ዓረፍተ ነገር ይህች ናት። ሞስባከር የ1990ውን የሕዝብ ቆጠራ ከፖለቲከኞች ጣልቃ ገብነት አድኖ እውነተኛውን ቁጥር አስከበረ ትላለች። ሌላ ምንም የለም። በቃ።

አሜሪካ ውስጥ የሕዝብ ቆጠራ ቢሮ ያለው በንግድ ሚኒስቴር ሥር ነው። የባሕርና የአየር ጠባይ መሥሪያ ቤቱም እዚያው ነው፤ ይሄኛው ለሸራ ሰው የተገባ ነው። ዋናው ሕንጻ ዋሽንግተን 14ኛ ጎዳና ላይ ያለ ግዙፍ የድንጋይ ሕንጻ ነው። የሚገርመው ነገር ምድር ቤቱ ውስጥ እስከ 2013 ድረስ የዓሣ ማሳያ ነበር። ብሔራዊ አኳሪየም ይባላል። ላይ ሚኒስትሩ፣ ታች ዓሣው። ቱሪስት እዚያ ሳወርድ ብዙዎቹ «እዚህ ቢሮ ውስጥ?» እያሉ ይጠራጠሩኝ ነበር።

ዓሣውን ያነሳሁት በምክንያት ነው። በ1990 ቆጠራው 248.7 ሚሊዮን ሰው አገኘ። በፖስታ የተላከውን ቅጽ ሞልቶ የመለሰው ቤት 65 ከመቶ ብቻ ነበር፤ ከአሥር ዓመት በፊት 75 ነበር። ብዙ ሰው እንደቀረ ሁሉም ያውቃል። ስንት? ይህን ለማወቅ ቢሮው ከ160 ሺህ በላይ ቤቶችን መርጦ እንደገና ጠየቀ። ከዚያ ሁለቱን ዝርዝሮች አስተያየ።

ስሌቱ የዓሣ አጥማጅ ስሌት ነው። ጣና ላይ 100 ዓሣ ያዝክ እንበል። ምልክት አድርገህ ለቀቅካቸው። ነገ ተመልሰህ ሌላ 100 ያዝክ። ከነዚህ ውስጥ ምልክት ያላቸው 10 ብቻ ከሆኑ፣ ትናንት የያዝከው ከጠቅላላው አንድ አሥረኛውን ነው ማለት ነው። ስለዚህ ሐይቁ ውስጥ ወደ 1,000 ዓሣ አለ። በሰው ላይም እንዲሁ ነው። በሁለተኛው ጊዜ የተገኘው ሰው በመጀመሪያው ዝርዝር ላይ አለ ወይስ የለም?

ውጤቱ እንዲህ ወጣ። 2.1 ከመቶ፣ ወደ 5.3 ሚሊዮን ሰው አልተቆጠረም። ከጥቁሮች 4.8 ከመቶ ቀርቷል። ከላቲኖች ከዚያም በለጠ። ይህ የክብር ጉዳይ ብቻ አይደለም። የምክር ቤት ወንበር በዚህ ቁጥር ይከፋፈላል። የፌዴራል ገንዘብ በዚህ ቁጥር ይመደባል።

ኒውዮርክና ሌሎች ከተሞች ከሰው ነበር። ከመንግሥት ጋር በደረሱት ስምምነት መሠረት ሚኒስትሩ ቁጥሩ ይስተካከል ወይስ ባለበት ይቆይ የሚለውን እስከ ጁላይ 15 ቀን 1991 መወሰን ነበረበት። ስምንት አማካሪዎች ተሰየሙ፤ አራት ለአራት ተከፈሉ። የቆጠራ ቢሮዋ ዳይሬክተር ባርባራ ብራያንት ይስተካከል አለች። እሷም የቡሽ ተሿሚ ነበረች፤ የተቃዋሚ ሰው አይደለችም። ሞስባከር በቀነ ገደቡ ቀን አይስተካከልም አለ።

«ከፖለቲከኞች አዳነ» የሚለውን አሁን መዝኑት። ያልተቆጠሩት በብዛት የከተማ ድሆችና ጥቁሮች ናቸው፤ ቢቆጠሩ የሚጠቀሙት በአብዛኛው ዲሞክራቶች ነበሩ። ውሳኔውን የሚሰጠው ሰው የሪፐብሊካኑ ዋና ገንዘብ ሰብሳቢ ነበር። ከስድስት ወር በኋላ ደግሞ የፕሬዚዳንቱ የምርጫ ዘመቻ ሊቀመንበር ሆነ። በልቡ ምን እንደነበረ እኔ አልፈርድም። ግን ቆጠራውን ከፖለቲከኞች ያዳነው ፖለቲከኛ ካልሆነ፣ ማን ነው ፖለቲከኛ?

ሌላኛውን ወገንም መናገር አለብኝ፤ አለዚያ እኔም እንደ ጸሐፊው ሆንኩ። ሞስባከር ያቀረበው ምክንያት ተራ ሰበብ አልነበረም። ማስተካከያው ጠቅላላ ቁጥሩን ለእውነት ሊያቀርበው ይችላል፤ ግን በየግዛቱና በየከተማው ያለውን ድርሻ ማቅረቡ አልተረጋገጠም ነበር ያለው። ወንበር የሚከፋፈለው ደግሞ በድርሻ ነው። በሚቀጥለው ዓመት ቢሮው ራሱ የኮምፒዩተር ስህተት አገኘ፤ ያልተቆጠረው ግምትም ወደ 1.6 ከመቶ፣ ወደ 4 ሚሊዮን ወረደ። በ1991 ተስተካክሎ ቢሆን ኖሮ ስህተቱም አብሮ ይገባ ነበር።

ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ። ያዙልኝ ያልኳችሁ ዊስኮንሲን እዚህ ትመጣለች። ቁጥሩ ቢስተካከል ዊስኮንሲንና ፔንስልቬኒያ አንዳንድ ወንበር አጥተው ካሊፎርኒያና አሪዞና ያገኙ ነበር። ዊስኮንሲን ተከራከረች። በመጋቢት 1996 ዘጠኙም ዳኞች በአንድ ድምፅ ሚኒስትሩ ሥልጣኑን በአግባቡ ነው የተጠቀመው አሉ። ውሳኔውን የጻፉት ዋና ዳኛው ሬንኲስት ናቸው። በሕጉ አሸንፏል። ጸሐፊው ይህን ቢጠቅሱ ኖሮ ክርክራቸው ስንት ጊዜ በጠነከረ! አላወቁም፣ ወይ አልፈለጉም።

ግን ፍርድ ቤቱ ሚኒስትሩ መወሰን ይችላል ነው ያለው። ቁጥሩ እውነት ነው አላለም። ሰዎቹ እንደቀሩ ማንም አልካደም። «እውነተኛውን ቁጥር አስከበረ» የሚለው ስለዚህ ቀጥተኛ ስህተት ነው። ያስከበረው የተቆጠረውን ቁጥር ነው።

ይህን እንዴት እርግጠኛ ሆንክ ለሚለኝ፣ አንዱን ያልተቆጠረ ሰው በግል አውቀዋለሁ።

በ1990 ዋሽንግተን፣ አዳምስ ሞርጋን ከሚባለው ሰፈር ብዙም በማይርቅ ሕንጻ ውስጥ፣ ባለ አንድ መኝታ አፓርታማ ላይ አምስት ወንዶች ሆነን እንኖር ነበር። ሁላችንም በሱዳን በኩል የመጣን ነን። ውሉ ላይ ያለው የሁለት ሰው ስም ነው። የቤቱ አስተዳዳሪ ከሁለት በላይ ካየ ያስወጣናል። ቀን የሚነዳው ማታ ይተኛል፣ ማታ የሚነዳው ቀን ይተኛል፤ አልጋው አይቀዘቅዝም ነበር። የቆጠራው ቅጽ በፖስታ ሲመጣ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጠን ተማከርን። አንዱ ይህ ወረቀት ቀጥታ ለኢሚግሬሽን ነው የሚሄደው አለ። ሌላው የለም፣ ለአስተዳዳሪው ነው አለ። ሕጉ ለማንም እንዳይሰጥ እንደሚከለክል የነገረን ሰው አልነበረም፤ ቢነግረንም የምናምን አይመስለኝም። ከየት አገር ነው የመጣነው? ስምህን ጽፎ የሚሄድ ሰው ምን ማለት እንደሆነ እናውቃለን። ውሉ ላይ ያሉት ሁለቱ ስማቸውን ሞልተው መለሱት።

በሚቀጥለው ዓመት ጁላይ ላይ ውሳኔው በሬዲዮ ሲነገር ታክሲ ውስጥ ነበርኩ። ከኋላ የተቀመጠው ተሳፋሪ «አምስት ሚሊዮን ሰው እንዴት ይጠፋል?» አለ። ጥያቄው ለኔ አልነበረም መሰለኝ። እኔም በመስታወቱ አየሁትና ዝም አልኩ።

የያንዳንዱ ቤት ቅጽ በሕግ ለ72 ዓመት ተቆልፎ ይቆያል። የ1990ው የሚከፈተው በ2062 ነው። ያን ጊዜ የኛን አፓርታማ የሚፈልግ ተመራማሪ ሁለት ኢትዮጵያውያን ወንዶችን ያገኛል። አንደኛው የሞስባከርን ጽሑፍ የላከልኝ ባልደረባዬ ነው። እኔ ሶፋው ላይ ነበርኩ።